ለእሳቸው ብረት፣ ለእኔ መብራት፦ ካንሰር አከርካሪ ላይ ሲወጣ ጨረሩ ምን ይሠራል? ቀዶ ሕክምናውስ?

አክስቴ የዘጌ ሰው ናት። ቡናና ጌሾ አላት። በጡት ካንሰር ከታከመች ሁለት ዓመት አልፏት ነበር። ጡቷ ተነሥቶ፣ ኬሞውን ጨርሳ፣ ፀጉሯም መልሶ በቅሎ "ተመስገን፣ አለፈ" ብለን ነበር። ከዚያ በቡና ለቀማ ሰሞን ጀርባዋን ያማት ጀመር።

"ብርድ ነው" አለች። እኛም አመንን። ቀኑን ሙሉ ቡና ሲለቅም የዋለ ሰው ጀርባውን ቢያመው ምን ይገርማል? ከተማ መጥታ አንድ ክሊኒክ ታየች። "ኩላሊትሽ ነው" ተብላ ኪኒን ይዛ ተመለሰች። ኪኒኑ ሲያልቅ ወጌሻ ተጠራ። በቅቤ አሻት። ሁለት ቀን ቀለል አላት፤ በሦስተኛው ባሰባት። አንድ ማለዳ ደወለችልኝ።

"አንተ ልጅ፣ እግሬ የሌላ ሰው እግር ሆነብኝ።"

በዚያው ቀን በጀልባ ባሕር ዳር አመጣናት። ምርመራው ካንሰሩ አከርካሪዋ ላይ መውጣቱን አሳየ። ከዚያ ወደ አዲስ አበባ ሪፈር ተባለች። እዚያ አጠገቧ ካለው ክፍል አንድ የሐሙሲት ሰው ተኝተው ነበር። የእሳቸው ካንሰር ከኩላሊት ተነሥቶ ነው አከርካሪያቸው ላይ የወጣው። ቀዶ ሕክምና ተደርጎላቸው ጀርባቸው ውስጥ ብረት ገባ። አክስቴ ግን አምስት ቀን ጨረር ወስዳ "ጨርሰዋል" ተባለች። ነገሩ አልተዋጠላትም።

"በሽታችን አንድ ነው። ለእሳቸው ብረት፣ ለእኔ መብራት ብቻ? ገንዘብ ስለሌለን ነው?"

ያኔ የምመልስላት አልነበረኝም። ሐኪም አይደለሁም። ከዚያ ወዲህ ግን ሐኪሞችን ስጠይቅ፣ ሳነብ ቆይቻለሁ። መልሱ ገንዘብ አልነበረም። ምን እንደነበረ ለመናገር ከአጥንቱ መጀመር አለብኝ።

ለምን አከርካሪ?

መጀመሪያ አንድ ነገር እናስተካክል። ከጡት ተነሥቶ አከርካሪ ላይ የወጣ ካንሰር "የአጥንት ካንሰር" አይደለም። ቦታ የቀየረ የጡት ካንሰር ነው። መድኃኒቱም የጡት ካንሰር መድኃኒት ነው። ከፕሮስቴት የመጣውም እንደዚያው። ይህን ማወቅ ይጠቅማል። "አዲስ በሽታ ያዛት" ብሎ የሚያስብ ቤተሰብ የድሮውን የሕክምና ወረቀት ቤት ጥሎ ይመጣል። ሐኪሙ ደግሞ ቀድሞ የሚጠይቀው ያንኑ ወረቀት ነው። እኛም ጥለነው ነበር የመጣነው።

ካንሰር ወደ አጥንት ሲዛመት ከሁሉ በላይ የሚያርፈው አከርካሪ ላይ ነው። የጡት፣ የፕሮስቴት፣ የሳንባ፣ የኩላሊትና የታይሮይድ ካንሰር ወደዚያ መዝለቅ ይቀናቸዋል። አንደኛው ምክንያት መቅኒ ነው። የአከርካሪ አጥንቶች ደም የሚያመርት ቀይ መቅኒ ስላላቸው ብዙ ደም ይመላለስባቸዋል። ሁለተኛው የደም መልስ ሥሮቹ አሠራር ነው። የእግራችን ደም መልሶች ደም ወደ ኋላ እንዳይመለስ የሚያግዱ በሮች አሏቸው። አከርካሪን የከበቡት ግን የላቸውም። ኦስካር ባትሰን የሚባል አሜሪካዊ የአናቶሚ ምሁር ይህን መንገድ በ1940 እ.ኤ.አ. አሳይቷል። ስናስል ወይም ስናምጥ ከዳሌና ከደረት አካባቢ ያለ ደም ወደ አከርካሪ ሊገፋ ይችላል። በደሙ ውስጥ የካንሰር ሴል ካለ አብሮ ይሄዳል።

ካንሰሩ ከገባ በኋላ አጥንቱን በራሱ አይበላውም። አጥንት ዕድሜ ልኩን ሲፈርስና ሲሠራ የሚኖር ነገር ነው፤ የሚያፈርሱም የሚሠሩም ሴሎች አሉት። ካንሰሩ አፍራሾቹን ያነሣሣል። ከውጭ ሲያዩት አጥንቱ ቆሟል፣ ውስጡ ግን እየተቦረቦረ ነው። በእንጨትና በጭቃ ቤት ያደገ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ምስጥ የገባበት ምሰሶ ማለት ነው። የፕሮስቴት ካንሰር ብዙ ጊዜ በተቃራኒው ሠሪዎቹን ያበዛል፤ የሚሠሩት አጥንት ግን ወጥ ያልሆነ፣ ጥንካሬ የሌለው ነው።

ከምሰሶው ኋላ ደግሞ ህብለ ሰረሰር አለ። ውፍረቱ የትንሿን ጣት ቢያህል ነው። ለእግር፣ ለፊኛ፣ ለአንጀት የሚሄደው ትእዛዝ ሁሉ በእሱ በኩል ያልፋል። የተቀመጠበት ቦይ ጠባብ ነው። ዕጢው ወደ ኋላ ካደገ ይጫነዋል። ምሰሶው ተደርምሶ ስባሪው ወደ ኋላ ከገባም ይጫነዋል።

ስለዚህ ችግሩ ሁለት ነው፦ የሚያድግ ምስጥና የሚደረመስ ምሰሶ። የአክስቴ ጥያቄ መልስ ያለው እነዚህን ሁለቱን በመለየት ላይ ነው።

ሕመሙ ራሱ ይናገራል

ባሕር ዳር ውስጥ ወገቡን አሞት የማያውቅ ጎልማሳ ማግኘት ይከብዳል። አብዛኛው የወገብ ሕመም ካንሰር አይደለም፤ ማንንም ማስደንገጥ አልፈልግም። ነገር ግን ቀድሞ ካንሰር ታክሞ የነበረ ሰው ጀርባዬን አመመኝ ሲል አሰማማችን መለየት አለበት።

ቦታውን ልብ በሉ። ተራው ሕመም የሚበዛው ታች ወገብ ላይ ነው። ካንሰር ግን የሚወደው የደረት አከርካሪን ነው፤ 12 አጥንቶች አሉት፣ ከአንገት ሥር እስከ ጎድን አጥንት መጨረሻ። አከርካሪ ላይ ከሚወጣው ካንሰር ከአሥሩ ስድስት ሰባቱ እዚያ ነው። አክስቴን ያማት የነበረው ከትከሻዎቿ መካከል ትንሽ ዝቅ ብሎ ነበር። ኩላሊት እዚያ አይደለም።

ሰዓቱንም ልብ በሉ። ጎንበስ ቀና ብሎ የደከመ ጀርባ ሲተኙ ይለቃል። የዕጢ ሕመም ግን ሌሊት ይበረታል፣ ከእንቅልፍ ይቀሰቅሳል። ሌላ ዓይነትም አለ። ተኝተው ደህና ሆነው፣ ለመቀመጥ ወይም ለመቆም ሲነሡ የሚያስጮህ ሕመም። ይህኛው የምሰሶው ሕመም ነው። አጥንቱ ክብደት መሸከም አቅቶታል። የሐሙሲቱ ሰውዬ እንደዚህ ነበሩ። ከአልጋ ቀና ሲያደርጓቸው ድምፃቸው ኮሪደር ድረስ ይሰማ ነበር።

ሦስተኛው ዓይነት ደረትን ወይም ሆድን ዙሪያውን የሚይዝ ነው። አክስቴ "መቀነት አጥብቀው ያሰሩኝ ይመስለኛል" ትል ነበር። እኛ ጋዝ ነው፣ ጨጓራ ነው ስንላት ከረምን። ከአከርካሪ የሚወጣ ነርቭ ሲነካ ሕመሙ ልክ እንደ መቀነት ዞሮ ይመጣል።

ከዚያ ቀጥሎ የሚመጣው የእግር ነው። ደረጃ መውጣት ማቃት፣ መንገዳገድ፣ መደንዘዝ። ሽንት እንቢ ማለት ወይም ሳያውቁት ማምለጥ፣ ሰገራ መድረቅ ደግሞ ብዙውን ጊዜ ዘግይተው ነው የሚታዩት። እዚህ ከደረሰ በዓሉ ይለፍ፣ ሰኞ ይምጣ፣ ልጆቹ ይሰብሰቡ አይባልም። የሰዓታት ጉዳይ ነው። ምክንያቱን ደጋግሜ እላለሁ፤ ከሁሉም ያስቆጨኝ ይህ ስለሆነ። ሕክምና ሲጀመር የሚራመድ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ከሕክምናው በኋላም ይራመዳል። ሕክምና ሲጀመር እግሩ ከነጭራሹ ያልታዘዘው ሰው ግን መልሶ የመራመድ ዕድሉ በጣም ያነሰ ነው። ከመድኃኒቱ ዓይነት በላይ ይህ ይወስናል። እኛ "ብርድ ነው" እያልን ያሳለፍናቸው ሳምንታት አሁንም ያንገበግቡኛል።

ወጌሻን እየነቀፍኩ አይደለም። ብዙ ሰው ክንዱን እግሩን ተጠግኖበታል። ካንሰር የነበረበትን ሰው ጀርባ ግን ማሸት፣ መጫን፣ መጎተት ወይም ቁጢጥ ብሎ መርገጥ አይገባም። የተቦረቦረ ምሰሶ በዚያ ኃይል ሊደረመስ ይችላል። ጠበልም ቢሆን እንደየእምነቱ ነው፤ አክስቴ ዛሬም ትጠጣለች፣ ትጠመቃለች። መድኃኒቷን ግን አታቋርጥም።

በቃሬዛ ይምጣ

እግሩ የዛለ፣ አከርካሪው የተጠረጠረ ሰው በባጃጅ ተቀምጦ መምጣት የለበትም። በሁለት ሰው ብብት ተይዞ እየተጎተተም አይደለም። አገራችን ጥሩ መላ አለው፤ ቃሬዛ። ከላዩ ጠፍጣፋ ሳንቃ ይደረግበት። ሰውየው በጀርባው ይተኛ። ሲገለበጥ ራሱ፣ ደረቱና ዳሌው አንድ ላይ፣ እንደ ግንድ ይዙር። አክስቴን ያመጣናት ጀልባው ወንበር ላይ አስቀምጠን ነው። ማዕበሉ ሲያነጥራት ትዝ ይለኛል።

ባሕር ዳር ላይ ፈለገ ሕይወትና ጥበበ ግዮን አሉ፤ ድንገተኛ ክፍል ገብታችሁ የመጀመሪያዋ ዐረፍተ ነገራችሁ ይህች ትሁን፦ "ካንሰር ነበረባት፤ አሁን ጀርባዋን እያመማት እግሯ ዛለ።" ይህን በአንድ ትንፋሽ ከሰማ ሐኪም በጥድፊያ ይነሣል። "ወገቧን አሟት ነው" ብቻ ካላችሁ ግን ተራ ትጠብቃላችሁ።

ቶሎ ከሚሰጡት ነገሮች አንዱ ዴክሳሜታዞን ነው። በኮሮና ጊዜ ስሙን የሰማነው ዴክሳ። ዕጢውን በአብዛኛው አይገድልም። በህብለ ሰረሰሩ ዙሪያ ያለውን እብጠት ይቀንሳል፤ ዋናው ሕክምና እስኪደርስ ፋታ ይሰጣል። ስኳር ከፍ ሊያደርግ፣ ጨጓራ ሊያስቆጣ፣ እንቅልፍ ሊነሣ ይችላል። ከቆዩበት በኋላ በራስ ፈቃድ በድንገት ማቆም አደጋ አለው፤ ሐኪሙ ቀስ በቀስ ነው የሚቀንሰው።

ቀጥሎ ምስል ነው። ተራ ራጅ "ንጹሕ ነው" ቢል አትተማመኑበት። ራጅ ላይ ጉዳቱ የሚታየው የአጥንቱ ማዕድን ከ30 እስከ 50 በመቶ ከጠፋ በኋላ ነው። የሚሻለው ኤምአርአይ ነው፤ ያውም የመላው አከርካሪ። ካንሰሩ ብዙ ጊዜ ከአንድ ቦታ በላይ ስለሚወጣ ያመመውን ቦታ ብቻ ማንሣት አይበቃም። ኤምአርአይ በማግኔት ስለሚሠራ ጨረር የለውም።

እዚህ ላይ ለአገራችን ሰው በተለይ መነገር ያለበት ነገር አለ። የፈረሰ አከርካሪ ሁሉ ካንሰር አይደለም። ቲቢም አከርካሪ ያፈርሳል፣ እግር ያሽመደምዳል። ምስሉ ላይ የሚረዳ ምልክት አለ። ቲቢ ብዙ ጊዜ በሁለት አጥንቶች መካከል ያለውን ዲስክ አብሮ ያበላሻል፤ ካንሰር ግን አጥንቱን አፍርሶ ዲስኩን ይተወዋል። ቢሆንም እርግጡን የሚናገረው ናሙና ነው። ቀድሞ ካንሰር ያልነበረበት ሰው ከሆነ ናሙና ሳይወሰድ ወደ ሕክምና መሮጥ አይገባም። ህብለ ሰረሰራቸው በካንሰር ከተጫነባቸው ሰዎች ከአምስቱ አንዱ ገደማ ካንሰር እንዳለበት የሚያውቀው ያን ጊዜ ነው። የቲቢ መድኃኒት ደግሞ ሌላ ነው፤ ያድናልም።

መብራቱ ምን ይሠራል

አክስቴ ጨረሩን "መብራት" የምትለው ስለማያምም ነው። ጠረጴዛ ላይ ተኛች፣ ማሽኑ ዞረ፣ በደቂቃዎች አለቀ። ቀድሞ ቦታው በሲቲ ስካን ተለክቶ ቆዳዋ ላይ ነጥብ ተደርጎ ነበር። ነጥቡ በየቀኑ ጨረሩ ያንኑ ቦታ እንዲያገኝ ስለሆነ እስኪያልቅ መፋቅ የለበትም።

ጨረሩ ወደ ሴሉ ገብቶ ዲኤንኤውን ይበጣጥሳል። የተበጣጠሰበት የካንሰር ሴል ወዲያው ላይሞት ይችላል፤ ሊከፈል ሲሞክር ግን ይሞታል። ለዚህ ነው ውጤቱ ቀናት፣ አንዳንዴም ሳምንታት የሚፈልገው። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ሕመሙ ጭራሽ ሊብስ ይችላል። ይህ የሚታወቅ ነገር ነው፤ "ጨረሩ ጎዳኝ" ብሎ መተው አያስፈልግም። ደረት ላይ ከሆነ ሲውጡ ጉሮሮን ያቃጥላል፣ ሆድ አካባቢ ከሆነ ያቅለሸልሻል። ድካም ለሁሉም አለ። ባብዛኛው በሳምንታት ያልፋል።

የጨረር መጠን የሚለካው በግሬይ ነው። በብዛት የሚታዘዙት 3 ናቸው፦ 8 ግሬይ በአንድ ቀን፣ 20 ግሬይ በ5 ቀን፣ 30 ግሬይ በ10 ቀን። የባሕር ዳር ሰው እዚህ ላይ ጆሮውን ይስጠኝ። አገራችን ውስጥ ለብዙ ዓመታት ጨረር የሚሰጠው ጥቁር አንበሳ ብቻ ነበር፤ ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ጅማና ሐረርን በመሳሰሉ ከተሞችም ተጀምሯል። እኛ 500 ኪሎ ሜትር ገደማ ተጉዘን፣ አልጋ ተከራይተን፣ አስታማሚ ይዘን ነው የወሰድነው። አንድ ቀን እና አሥር ቀን ለእኛ ሰማይና ምድር ነው።

እናም "የአንድ ቀኑ ጨረር የድሃ ጨረር ነው" የሚል ወሬ አለ። ልክ አይደለም። አጥንቱ ካልተደረመሰ፣ ህብለ ሰረሰሩም ካልተጫነ፣ ማለትም ጉዳዩ ሕመም ብቻ ከሆነ፣ ብዙ ጥናቶች ተደጋግመው አይተውታል። አንድ ጊዜ 8 ግሬይ ሕመም በማስታገስ ከብዙ ቀኑ ጋር እኩል ነው። በሁለቱም ከመቶው ስድሳው ገደማ ሰው ሕመሙ ይቀልለታል። ልዩነቱ በኋላ ነው። አንድ ጊዜ ከወሰዱት ከመቶ ሃያው ገደማ ድጋሚ ጨረር ይፈልጋሉ፤ ብዙ ቀን ከወሰዱት ግን ስምንት ያህሉ። ይህን ይዞ ከሐኪም ጋር መነጋገር ይቻላል።

ህብለ ሰረሰር ሲጫንስ? እንግሊዝና አውስትራሊያ ውስጥ 686 ሰዎች የተሳተፉበት ጥናት በ2019 እ.ኤ.አ. ወጥቷል። አንድ ቀን 8 ግሬይ ከወሰዱት 69 በመቶው፣ በ5 ቀን 20 ግሬይ ከወሰዱት 73 በመቶው ከስምንት ሳምንት በኋላ ይራመዱ ነበር። ልዩነቱ ጠባብ ነው፤ ጥናቱ "እኩል ናቸው" ብሎ ለመደምደም ግን ለጥቂት አልደረሰም። ስለዚህ ሐኪሞች ሰውየውን አይተው ይመርጣሉ። አክስቴ እግሯ ስለዛለ፣ ቀሪ ዕድሜዋም ረዘም እንደሚል ስለታሰበ አምስቱ ቀን ታዘዘላት።

በጣም ትክክለኛ በሆነ ማሽን ከፍ ያለ መጠን ዕጢው ላይ ብቻ አነጣጥሮ የሚሰጥ ዘዴም መጥቷል። ሕመምን ጨርሶ በማጥፋት ከተለመደው ይሻላል፤ በ2021 እ.ኤ.አ. በወጣ ጥናት ከሦስት ወር በኋላ ሕመማቸው ፈጽሞ የጠፋላቸው 35 በመቶ ነበሩ፣ በተለመደው 14 በመቶ። ነገር ግን የተቦረቦረ አጥንት በዚያ ብርቱ ጨረር ምክንያት ኋላ ሊሰበር ይችላል።

የጨረሩ ድንበር እዚህ ላይ ነው። ጨረር ምስጡን ይገድላል፤ የዘመመውን ምሰሶ አያቃናም። ቦይ ውስጥ የገባ የአጥንት ስባሪም ጨረር አያወጣውም። ዕጢው ከሞተ አጥንቱ መልሶ መጠንከር ይጀምራል፤ ያ ግን ወራት ይወስዳል።

ብረቱ ምን ይሠራል

ቀዶ ሕክምናው ያሳለፈው ታሪክ ሊነገር ይገባል፣ ምክንያቱም ዛሬም "ጀርባ ከተቀደደ አለቀለት" የሚባለው ከዚያ የመጣ ይመስለኛል። ድሮ የሚደረገው የአከርካሪውን የኋላ ጣራ ማንሣት ብቻ ነበር፤ ለህብለ ሰረሰሩ ቦታ ይለቀቅለት ተብሎ። ዕጢው ግን በብዛት ያለው ፊት ለፊት፣ ዋናው ምሰሶ ላይ ነው። ፊቱ በምስጥ የተበላን ቤት የኋላ ግድግዳውን ስታፈርሱበት ምን ይሆናል? ጭራሽ ይወድቃል። ጥናቶችም ይህ ከጨረር ብቻው እንደማይሻል አሳዩ። ስለዚህ ሐኪሞች ለዓመታት ቀዶ ሕክምናውን ተዉት።

ከዚያ ብሎንና ዘንግ መጣ። አሁን ህብለ ሰረሰሩን የተጫነው ነገር ይነሣል፣ ከላይና ከታች ባሉት ጤነኛ አጥንቶች ላይ ብሎን ይታሰራል፣ በዘንግ ይያያዛል። ቤት ሲጠገን ከጎን ደጋፊ ማቆም ማለት ነው። በ2005 እ.ኤ.አ. ላንሴት በሚባለው የሕክምና መጽሔት ላይ የወጣው የአሜሪካ ጥናት ነገሩን ገለበጠው። 101 ሰዎች ነበሩበት። ግማሾቹ ጨረር ብቻ፣ ግማሾቹ ቀዶ ሕክምና ተደርጎላቸው ከዚያ ጨረር ወሰዱ። ከሕክምናው በኋላ መራመድ የቻሉት ቀዶ ሕክምና ካገኙት 84 በመቶ፣ ጨረር ብቻ ከወሰዱት 57 በመቶ ሆኑ። ሲጀመር መራመድ ካቃታቸው ከእያንዳንዱ ወገን 16 ሰዎች መካከል ደግሞ ቀዶ ሕክምና ካገኙት 10 ተነሥተው ሄዱ፤ ከሌላው ወገን 3 ብቻ። ልዩነቱ ግልጽ ስለሆነ ጥናቱ ሳያልቅ ቆመ።

ይህን ሳነብ እኔም "ታዲያ አክስቴ ለምን?" ብዬ ነበር። ከዚያ የተመረጡት እነማን እንደሆኑ አነበብኩ። ህብለ ሰረሰሩ የተጫነው አንድ ቦታ ላይ ብቻ መሆን አለበት። እግሩ ከነጭራሹ ሽባ ከሆነ ከ48 ሰዓት በላይ ያለፈው አይገባም። ቢያንስ ሦስት ወር እንደሚኖር የሚጠበቅ መሆን አለበት። እንደ ሊምፎማ (የንፍፊት ካንሰር) እና መልቲፕል ማይሎማ (የመቅኒ ካንሰር) ያሉ በጨረር ቶሎ የሚቀልጡ ካንሰሮችም ከመነሻው አልተካተቱም፤ እነሱ ብረት ሳያስፈልጋቸው በጨረር ይሟሟሉ።

ሐኪሞች የሚያመዛዝኑት እንግዲህ እንዲህ ነው። ህብለ ሰረሰሩ ምን ያህል ተጭኗል? ካንሰሩ ለጨረር ይበገራል ወይስ አይበገርም? ምሰሶው ቆሟል ወይስ ዘሟል? ሰውየውስ ማደንዘዣና ቀዶ ሕክምና ይችላል? ለሦስተኛው ጥያቄ በ2010 እ.ኤ.አ. የወጣ የነጥብ አሰጣጥ አለ፤ ከ0 እስከ 18። እስከ 6 ከሆነ ቆሟል፤ 13 እና ከዚያ በላይ ከሆነ ዘሟል። መሐሉ ላይ ያሉት ያከራክራሉ፤ ከ7 ጀምሮ ግን የቀዶ ሐኪም ምክር ያስፈልጋል።

አሁን የሐሙሲቱን ሰውዬ አስቧቸው። የኩላሊት ካንሰር ለተለመደው የጨረር መጠን አይበገርም። አጥንታቸው ተደርምሷል። ሲነሡ ይጮሁ ነበር። ሳንባና ልባቸው ደህና ነው። ለእሳቸው ጨረር ብቻውን ቢሰጥ ምስጡም በቅጡ አይሞትም፣ ምሰሶውም አይቃናም። አክስቴ ደግሞ የጡት ካንሰር ነው፤ ለጨረር ይበገራል። አጥንቷ ተበልቷል እንጂ ቦይ ውስጥ ስባሪ አልገባም። ስትነሣ ያማታል፤ ግን ትቆማለች። ሁለት ሌላ ቦታ ላይም ነበረባት። እሷን መቅደድ የሚያስከፍላት ከሚሰጣት ይበልጥ ነበር።

አንድ የቅደም ተከተል ነገር አለ። ሁለቱም የሚያስፈልጉ ከሆነ ብዙ ጊዜ ቀዶ ሕክምናው ይቀድማል። በቅርቡ ጨረር የወሰደ ቆዳ ሲቀደድ ቁስሉ አልድን ይላል፣ ያመረቅዛል። ስለዚህ ነው ጨረር ከመጀመሩ በፊት "የአከርካሪ ቀዶ ሐኪም አይቷታል ወይ?" ብሎ መጠየቅ ያለባችሁ። ከቀዶ ሕክምናው በኋላ ደግሞ ቁስሉ እስኪጠግግ ሁለት ሳምንትና ከዚያ በላይ ተጠብቆ ጨረሩ ይቀጥላል። "ብረቱ ገብቷል፣ በቃ" ብሎ ወደ ቤት መሄድ ስሕተት ነው። ብረቱ ምስጡን አልነካውም።

ለአንዳንዱ ደግሞ መቀደድም አያስፈልግም። በመርፌ የአጥንት ሲሚንቶ ወደ ተበላው አጥንት ይገባል፤ ደርቆ ይደግፈዋል። ህብለ ሰረሰር ለተጫነበት ግን ብቻውን መፍትሔ አይደለም።

ለአክስቴ የነገርኳት

ይህን ሁሉ ቡና እየተጠጣ ነገርኳት። ዘመዶቼ "ካንሰሩ ተዛምቷል" እንዳትባል ይፈልጉ ነበር። እኔ አልተስማማሁም። ለምን አምስት ቀን ብቻ እንደታከመች የማያውቅ ሰው ራሱን የተተወ አድርጎ ያስባል። ጨረሩም ሆነ ብረቱ ካንሰሩን ከሰውነት አያጠፋም፤ ያንን አልደበቅኳትም። የሚሠሩት ሕመምን ለማስታገስና በእግር ለመሄድ ነው። ካንሰሩን የሚይዘው በየቀኑ የምትውጠው የሆርሞን ኪኒን ነው። አጥንት የሚያጠነክር መርፌም አለ፤ ከመጀመሩ በፊት ጥርስ መታየት አለበት። ሞርፊን ሲታዘዝላት ፈርታ ነበር፣ "ሱስ ያስይዘኛል" ብላ። ለካንሰር ሕመም በሐኪም መጠን ሲወሰድ ሱስ ይሆናል ብሎ መሰቃየት አያስፈልግም። ሆድ ማድረቁ ግን እውነት ነው፤ ማለስለሻው አብሮ ይታዘዝ።

ዝም ብላ ሰማችኝ። ከዚያ "እንግዲያ ሰውዬው ከእኔ ብሰው ነው ብረቱ የገባላቸው" አለች። "እግዜር ይማራቸው።"

ዛሬ በምርኩዝ ትሄዳለች። ቡናው ስር ትቀመጣለች እንጂ አትለቅምም። ሕመሙ ከተመለሰ ድጋሚ ጨረር ሊሰጣት ይችላል። ህብለ ሰረሰር መሸከም የሚችለው የጨረር መጠን ግን ልክ ስላለው፣ ስንት ግሬይ እንደወሰደች የሚናገረውን ወረቀት በላስቲክ ጠቅልለን አስቀምጠናል።

ሰሞኑን የልጇ ሚስት ወልዳ ነበር። ጎረቤቶች "ጨረር የወሰደ ሰው ሕፃን አይታቀፍም፣ ይጋባል" ብለው ልጁን ከለከሏት። ደውላ ጠየቀችኝ። የሷ ጨረር ከማሽን የመጣ ነው፤ ማሽኑ ሲጠፋ ጨረሩም ይጠፋል፣ ሰውነቷ ውስጥ የሚቀር ነገር የለም። መታቀፍ ትችላለች። ጎንበስ ብላ ከመሬት ማንሣት ግን ገና ነው፤ ምስጡ ቢሞትም ምሰሶው አልጠናም። ስለዚህ ትቀመጣለች፣ ጀርባዋን ግድግዳ ላይ ታስደግፋለች፣ ልጁን እናቱ አንሥታ ጭኗ ላይ ታስቀምጥላታለች።